ናጊሳ ኦሺማ፤ ዕረፍት የነሣ የጃፓን ሲኒማ ሰው

የጃፓን ሲኒማ ሲነሣ አብዛኛውን ጊዜ የሚወሳው የሳሙራይ ጦረኛ ነው። እኔ ግን የምገልጸው መንግሥቱንም፣ ተመልካቹንም፣ የገዛ ወገኖቹንም ዕረፍት ሲነሣ ስለ ኖረው ስለ ናጊሳ ኦሺማ ነው። (ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር ናቸው።)

ኦሺማ በ1932 ተወለደ። በኪዮቶ ዩኒቨርሲቲ ሕግ አጥንቶ በ1954 ሾቺኩ በተባለው ትልቅ የፊልም ኩባንያ በረዳትነት ተቀጠረ። በ1960 «የጃፓን ሌሊትና ጉም» የተባለውን ፊልም አወጣ። ነገሩ የሠርግ ግብዣ ነው፤ ዳሩ ግን እንግዶቹ ሙሽሮቹን መመረቅ ትተው፣ ከአሜሪካ ጋር የተደረገውን የጸጥታ ውል ሲቃወሙ ከነበሩት መካከል ማን ማንን እንደ ከዳ ይወቃቀሳሉ። ፊልሙ በወጣ በጥቂት ቀን የሶሻሊስት ፓርቲው መሪ ኢኔጂሮ አሳኑማ ቶኪዮ ውስጥ መድረክ ላይ ሲናገር አንድ የ17 ዓመት ወጣት በጐራዴ ወግቶ ገደለው። ኩባንያውም ወዲያው ፊልሙን ከየሲኒማ ቤቱ አነሣ። ምክንያቱ የተመልካች ማነስ ነው ቢባልም ኦሺማ አላመነም፤ እኔም አላምንም። ስለዚህ ወጥቶ በ1961 ከተዋናይቱ ባለቤቱ ከአኪኮ ኮያማና ከባልንጀሮቹ ጋር «ሶዞሻ» የተባለውን የራሱን ድርጅት አቋቋመ።

የራስ ድርጅት ነፃነት ይሰጣል፤ ገንዘብ ግን አይሰጥም። በ1968 የወጣው «በስቅላት መሞት» በጥቂት ገንዘብ፣ አብዛኛው በአንድ የመስቀያ ቤት ውስጥ የተሠራ ነው። በእኔ አስተያየት ከሥራዎቹ ሁሉ የሚበልጠው ይህ ነው። ጃፓን ውስጥ ከኮሪያውያን የተወለደ ወጣት በነፍስ ግድያ ተፈርዶበት ይሰቀላል፤ ነገር ግን አይሞትም። ሲነቃ ማንነቱንም ወንጀሉንም ረስቷል። ሹማምንቱ ተጨነቁ፤ ጥፋቱን የማያውቅ ሰው እንዴት ይሰቀላል? ስለዚህ ወንጀሉን ራሳቸው እየተወኑ ያስታውሱት ጀመር። ከመካከላቸውም አንዱ በትወናው እጅግ ከመጋሉ የተነሣ ልጃገረድ አንቆ ይገድላል። ሲያሥቀን የቈየው ነገር እዚህ ላይ ያስፈራል። ወጣቱ ስለ ገደለ ወንጀለኛ ከሆነ፣ በሕግ ስም የሚገድለውስ ምን ይባላል? ኮሪያን ከ1910 እስከ 1945 ገዝተው፣ ልጁንም ሲንቁት የኖሩትስ ከጥፋቱ ድርሻ የላቸውምን? የፊልሙ መነሻ በ1958 ቶኪዮ ውስጥ የደረሰ እውነተኛ ወንጀል ነው። ያን ጊዜ ወንጀለኛው 18 ዓመቱ ነበረ፤ የማታ ተማሪም ነበረ። በ1962 ተሰቀለ። ጃፓን ዛሬም የሞትን ቅጣት አላስቀረችም።

በ1969 ደግሞ «ልጁ» በሚለው ፊልም፣ ካሣ ለመቀበል ሲሉ ሕፃን ልጃቸውን መኪና ፊት ስለሚጥሉ ወላጆች ተረከ፤ ይህም ከእውነተኛ ታሪክ የተወሰደ ነው። በ1976 ስለ ሠራው ፊልም የታተመው መጽሐፍ ክስ አስነሣበት፤ ዝርዝሩ ለተማሪ መጽሔት አይሆንም፤ በ1982 ግን በነፃ ተለቀቀ። በ1996 ሕመም ቢጥለውም በ1999 የመጨረሻ ፊልሙን ሠራ። በ2013 በ80 ዓመቱ ዐረፈ።