ከፍየል ቆዳ እስከ ብራና መጽሐፍ

ነጋዴ በገበያ የፍየል ቆዳ ሲገዛ የሚመለከተው ስፋቱን፥ ጥራቱንና በመርከብ ተጭኖ ሲሄድ የሚያስገኘውን ዋጋ ነው። ይኸው ቆዳ በብራና ፋቂ እጅ የገባ እንደኾነ ግን ከታረደው እንስሳ የተረፈው ነገር ከሺህ ዓመት በላይ የሚዘልቅ መጽሐፍ ለመኾን ይበቃል።

ብራና እንደ ሌላው ቆዳ አይለፋም። ቆዳው ጥቂት ቀናት በውሃ ከተነከረ በኋላ በእንጨት መወጠሪያ ላይ በገመድ ይወጠራል። ባለሙያው የሥጋውንና የሞራውን ትራፊ በቢላዋ ፍቆ፥ በድንጋይ አሽቶ፥ በፀሐይ ያደርቀዋል፤ ጠጕሩንም ይላጨዋል። በግፈፋ ጊዜ ቢላዋ የነካው ስፍራ ሲወጠር እየሰፋ ቀዳዳ ይኾናል፤ ጸሐፊውም ወይ ይሰፋዋል፥ ወይ ፊደሉን በዙሪያው ያሳልፋል። ስለዚህ ለነጋዴው ዋጋ የሚቀንሰው የገፋፊ ስሕተት በመጽሐፉም ገጽ ላይ ታትሞ ይኖራል።

ቁም ጸሐፊው በወስፌ ነጥብ አመልክቶ መስመር ያሰምራል፤ ቀለሙን በቀንድ ይዞ በመቃ ብዕር ይጽፋል። ጥራዙም በእንጨት ገበታ ተደግፎ ቆዳ ይለብሳል፤ በቆዳውም ላይ በጋለ ብረት መስቀልና ልዩ ልዩ ጌጥ ይታተምበታል።

የዚህ ሥራ ጽናት በማስረጃ የተረጋገጠ ነው። በዓድዋ አጠገብ በአባ ገሪማ ገዳም የሚገኙት ጥንታውያን ወንጌሎች በፍየል ብራና የተጻፉ ሲኾኑ፥ በኦክስፎርድ የተደረገው የካርቦን ምርመራ ዘመናቸውን እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ከ390 እስከ 660 ባለው ጊዜ ውስጥ አድርጎታል። ከነፋሲት በላይ ባለው ተራራ፥ በ14ኛው መቶ ዓመት የተመሠረተው የደብረ ቢዘን ገዳምም በብራና መጻሕፍቱ የታወቀ ነው።

ማተሚያና ወረቀት ከተስፋፉ ወዲህ ግን የብራና ሙያ እየጠበበ መጥቷል። ከዚህም ይልቅ የሚያሳዝነው፥ ሥዕል ያለበት ቅጠል ከጥንታዊ መጽሐፍ እየተቀደደ ለብቻው መሸጡ ነው። ቅጠሉ የተወሰደበት መጽሐፍ ጐደሎ ኾኖ ይቀራል፤ የተሸጠውም ቅጠል ከየት እንደ መጣ የሚመሰክርለት ያጣል።

እንግዲህ ሁለቱን ንግዶች መለየት ያስፈልጋል። አዲስ ተፍቆ፥ አዲስ ተጽፎ የሚሸጥ ብራና ለባለሙያው እንጀራ፥ ለደቀ መዝሙሩም ትምህርት ነው፤ ነጋዴ ቢያበረታታው ያተርፋል። ከአሮጌ መጽሐፍ የተቀደደ ቅጠል ግን የአንድ ቀን ገንዘብ እንጂ ንግድ አይባልም። ስለዚህ አስተዳዳሪው የአዲሱን ሥራ መንገድ አቅንቶ፥ የአሮጌውን መውጫ በር መጠበቅ ይገባዋል።