በአይብና በተልባ የሚሠራ ቀለል ያለ ቲራሚሱ

ጎንደር ፒያሳ ላይ ቆሞ ዙሪያውን ለሚያይ ሰው ጣሊያኖች ትተዋቸው የሄዱት ነገሮች ብዙ ናቸው፤ ፖስታ ቤቱ፣ ሲኒማ ቤቱ፣ በየካፌው የሚታዘዘው ማኪያቶ፣ ጠዋት ከሻይ ጋር የሚበላው ቦምቦሊኖ። ቲራሚሱ ግን ከእነዚህ አንዱ ሊሆን አይችልም። የጣሊያን ጦር ጎንደር የገባው መጋቢት 23 ቀን 1928 ዓ.ም. ሲሆን እጁን የሰጠው ኅዳር 18 ቀን 1934 ዓ.ም. ነው። ቲራሚሱ ደግሞ በብዙዎች ዘንድ እንደሚነገረው ትሬቪዞ በተባለች የሰሜን ጣሊያን ከተማ፣ ሌ ቤኬሪዬ በሚባል ምግብ ቤት፣ የሜኑ ዝርዝር ውስጥ የገባው በ1964 ዓ.ም. አካባቢ ነው። ጎረቤቶቻቸው የፍሪዩሊ ሰዎች «እኛ ቀድመናል» እያሉ እስከ ዛሬ ይከራከራሉ። ያም ሆነ ይህ፣ ጣሊያኖች ጎንደርን ሲለቁ ይህን ጣፋጭ አያውቁትም ነበር። ስለዚህ በእኛ እጅ፣ በእኛ ዕቃ እንደ አዲስ ብንሠራው የማንንም ወግ አናፈርስም።

ቲራሚሱ ቡና የጠጣ ብስኩት በክሬም ተነባብሮ፣ ላዩ ላይ ካካዎ የተነሰነሰበት ጣፋጭ ነው። ክሬሙ ማስካርፖኔ ከሚባል የቅባት አይብ፣ ከእንቁላልና ከስኳር ይዘጋጃል። ለስምንት ሰው የሚሆነው የተለመደው አሠራር ግማሽ ኪሎ ማስካርፖኔ፣ ወደ 200 ግራም ብስኩትና 100 ግራም ስኳር ይፈልጋል። ሲደመር አንድ ሰው 34 ግራም ገደማ ካርቦሃይድሬት ይደርሰዋል፤ ከዚህ ከግማሽ በላዩ የሚመጣው ከብስኩቱ ነው። ስኳሩን ብቻ መቀነስ ብዙም ለውጥ የማያመጣው ለዚህ ነው። መጀመሪያ መለወጥ ያለበት ብስኩቱ ነው።

«በጤፍ ብንሠራውስ?» የሚል ሐሳብ ወዲያው ይመጣል። ጤፍ ብዙ በጎ ነገር አለው፤ ነገር ግን ከ100 ግራም የጤፍ ዱቄት ከ70 ግራም በላይ የሚሆነው ካርቦሃይድሬት ስለሆነ ከስንዴ እምብዛም አይሻልም። ማርም እንደዚሁ ነው። «ስኳሩን ትቼ ማር አደረግሁበት፣ ጤናማ ነው» የሚለውን ወሬ አትመኑ፤ ከ100 ግራም ማር 80 ግራም ያህሉ ስኳር ነው።

የሚያዋጣው ተልባ ነው። በወገራና በዳባት ደጋ የሚበቅለው፣ ለጾም በብጥብጥ መልክ የምናውቀው ተልባ፣ ካርቦሃይድሬቱ ከሞላ ጎደል በሙሉ አሰር ነው፤ በ100 ግራም ውስጥ ወደ ስኳር የሚለወጠው 2 ግራም ቢሆን ነው። 100 ግራም ተልባ ለስላሳ እሳት ላይ ቆልተው ያድቁና ይንፉ። አምስት እንቁላል ወስደው ሦስቱን አስኳል ለክሬሙ ያስቀምጡ። አምስቱን ነጭ አረፋው እስኪቆም ይምቱ፤ ሁለቱን አስኳል፣ አንድ የሻይ ማንኪያ ቤኪንግ ፓውደር፣ 10 ግራም ስኳርና ቅንጣት ጨው ከተልባው ጋር ቀላቅለው አረፋው ሳይሞት በዝግታ ያዋህዱት። ቅባት በተቀባ ሰፊ መጋገሪያ ላይ ስስ አድርገው ዘርግተው በ180 ዲግሪ ከ15 እስከ 20 ደቂቃ ይጋግሩ። ጎንደር ከባሕር ወለል ከ2,100 ሜትር በላይ፣ ደባርቅ ደግሞ 2,850 ሜትር ገደማ ላይ ናቸው። አየሩ ስስ በሆነበት ከፍታ ኬክ ቶሎ ይነሳና መሐሉ ይሰምጣል። ደባርቅ ላይ የሚጋግር ሰው ቤኪንግ ፓውደሩን ወደ ግማሽ ማንኪያ ዝቅ ያድርግ።

ማስካርፖኔውን አይብ ይተካል። የእኛ አይብ ቅቤው ከወጣለት አሬራ ስለሚወጣ ቅባቱ ከመቶ 2 እንኳ አይሞላም፤ ማስካርፖኔ ከመቶ 40 ያልፋል። ግማሽ ኪሎ ማስካርፖኔ ውስጥ ከ200 ግራም በላይ ቅባት ሲኖር፣ ግማሽ ኪሎ አይብ ውስጥ ያለው 9 ግራም ብቻ ነው። ችግሩ ጠረኑና ሸካራነቱ ነው። የወተት ዕቃው በወይራ ስለሚታጠን የገበያ አይብ የጢስ ጠረን ይይዛል፤ አንዳንዴም ጤና አዳም ይገባበታል። ለክትፎ ግሩም ነው፤ ለጣፋጭ ግን አይሆንም። ስለዚህ ባልታጠነ ዕቃ የተናጠ አሬራ ፈልገው ራስዎ አይቡን ያውጡት፤ በዝግታ ያሙቁት፣ ከረጋ በኋላ በንጹሕ ሻሽ አንጠልጥለው ውሃውን በደንብ ያንጠፍጥፉት። አሬራ ካላገኙ ወተት አፍልተው ሎሚ ይጨምቁበት፤ ያኛው አይብ ቅባቱ ከፍ ያለ ቢሆንም ከማስካርፖኔ በእጅጉ ያንሳል።

የቀሩትን ሦስት አስኳሎች ከ40 ግራም ስኳር ጋር ጎድጓዳ ሳሕን ውስጥ አድርገው፣ በሚፈላ ውሃ እንፋሎት ላይ ሳያቋርጡ እየመቱ ያወፍሩ። በትሬቪዞው አሠራር እንቁላሉ ጥሬውን ይገባል፤ እኔ አልመክርም። ውሃ ጎንደር ላይ በ93 ዲግሪ አካባቢ ስለሚፈላ እንፋሎቱ ትንሽ ለዘብ ይላል፤ አስኳሉን ቶሎ እንቁላል ፍርፍር ስለማያደርገው ይህ እንዲያውም ይጠቅማል። ሲበርድ አይቡንና 100 ሚሊ ሊትር ክሬም ጨምረው በጁስ መፍጫ እስኪልም ይፍጩት። በማንኪያ ብቻ የተማሰለ አይብ ምላስ ላይ እንደ አሸዋ ይሆናል፤ እዚህ ላይ መፍጫው የግድ ነው።

ቡናው የጀበና አቦል ይሁን፤ ስኳር የሌለበት፣ አተላው የሰከነና በጨርቅ የተጠለለ። ጣሊያኖቹ ብስኩቱን ቡና ውስጥ ነክረው ያወጡታል። በተልባ ይህን ማድረግ አይቻልም፤ ተልባ ርጥበት ሲበዛበት ይዝለገለጋል። የተጋገረውን በሁለት ከፍለው ቡናውን በማንኪያ ጠብ ጠብ ያድርጉበት፤ አንድ የቡና ስኒ ይበቃል። አንዱን ሽፋን ከታች፣ ክሬም፣ ሁለተኛውን ሽፋን፣ እንደገና ክሬም። ቢያንስ አራት ሰዓት ፍሪጅ ውስጥ ይቆይ፤ ካካዎው የሚነሰነሰው ሊቀርብ ሲል ነው። መብራት በሚቆራረጥበት ሰሞን ባይሠራ ይሻላል፤ ደህና ፍሪጅ ካለም ከሁለት ቀን በላይ አይቆይ። ወተትና እንቁላል ያለበት ነውና ለፍስክ ቀን ብቻ ነው።

እንዲህ የተሠራው ለአንድ ሰው የሚያደርሰው ካርቦሃይድሬት፣ አሰሩ ሳይቆጠር፣ ከ10 ግራም በታች ነው። ጣዕሙ የማስካርፖኔን ያህል አይወፍርም፤ የተቆላው ተልባ ከቡናው ጋር ሲገናኝ ግን፣ በእኔ ምላስ፣ ከስንዴው ብስኩት ይበልጣል። ሦስት እንጀራ ከተበላ በኋላ የሚቀርብ ከሆነ ግን የዚህ ሁሉ ድካም ትርጉሙ ይጠፋል።

አንድ ማስጠንቀቂያ አለኝ። የስኳር ሕመም ኖሮብዎ ኢንሱሊን የሚወስዱ ከሆነ፣ መድኃኒቱን እንደነበረ ይዘው ካርቦሃይድሬቱን በድንገት ቢቀንሱ ስኳርዎ ወርዶ ራስዎን ሊስቱ ይችላሉ። የምግብ ልማድዎን ከመለወጥዎ በፊት የሚከታተልዎትን ሐኪም ያማክሩ።