የእንግሊዝ ቃልና የልጅ ዕፍረት

ልጅን ከትምህርት የሚያስቀረው ስንፍና ብቻ አይደለም፤ ዕፍረትም ጭምር ነው። ይህንንም በሐዋሳ ከተማ መናኸሪያ ወደ አዲስ አበባ የሚሄደውን አውቶቡስ ስንጠባበቅ በዓይናችን አየነው።

አንዲት ልጅ ከአባቷ ጎን ተቀምጣ የእንግሊዝኛ መጽሐፏን ድምጿን ከፍ አድርጋ ታነብ ነበር። ሰዎች ተራ ጠብቀው የሚቆሙበትን ሰልፍ የሚያመለክተውን ቃል ባገኘች ጊዜ፥ ከአምስቱ ፊደሎች አንዱን እንኳ ሳታስቀር «ኩዌዌ» ብላ አነበበችው። በአጠገቧ የነበረ አንድ ጐልማሳ ከት ብሎ ሳቀባት፤ እርሷም መጽሐፏን ከድና አቀረቀረች።

አባቷ ግን አልተቈጣም። «ልጄ፥ የተሳሳትሽው ፊደልን ስላመንሽ ነው። የእኛ ፊደል በተጻፈበት ሁሉ ድምፁን ይሰጣል፤ የእንግሊዝ ፊደል ግን ብዙ ጊዜ ተጽፎ ዝም ይላል። ይህ ቃል ከፈረንሳዮች የመጣ ነው፤ ፍቺውም ጭራ ማለት ነው። ንባቡ ባጭሩ ‹ክዩ› ነው፤ የቀሩት አራቱ ፊደሎች እንደ ጭራ ዝም ብለው ይከተላሉ» አላት። ቀጥሎም ወደ አንድ አውቶቡስ እያመለከተ፥ «‹ባስ› የሚሉትም ‹ኦምኒባስ› ከሚለው ቃል የተቈረጠ ነው፤ ይኸውም በላቲን ‹ለሁሉም› ማለት ነው። እንግሊዞች ራሱን ጥለው ጅራቱን አስቀሩት» ቢላት ፈገግ አለች።

እንደዚህ ያለ እንግዳ ቃል ዐዋቂውንም ያሳስታል። እንግሊዞች «ኒገስ» የሚሉት ቃል ሁለት ፍቺ አለው። አንደኛው ከእኛው «ንጉሥ» የተወሰደ ነው፤ ሁለተኛው ግን ከወይን ጠጅ፥ ከሙቅ ውሃ፥ ከስኳር፥ ከሎሚና ከቅመም የሚሰናዳ መጠጥ ነው። ያገራችን ሰው በአሮጌ መጽሐፍ እንግዶች «ኒገስ» ጠጡ የሚል ቢያነብ መደንገጡ አይቀርም፤ መጠጡ ግን የተሰየመው እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1732 በሞተው በኮሎኔል ፍራንሲስ ኒገስ ስም ነው። «ኮሎኔል» የሚለውንም እንግሊዞች በ«ል» ይጽፉትና «ከርነል» ብለው በ«ር» ያነቡታል።

እኛም ብንሆን ከዚህ ነገር ነጻ አይደለንም። «ዋና» የሚለው ቃል ላልቶ ሲነበብ በሐዋሳ ሐይቅ መዋኘት ነው፤ ጠብቆ ሲነበብ ግን ዋነኛ ማለት ነው። ጽሕፈቱ አንድ ስለ ሆነ፥ የውጭ አገር ሰው ቢሳሳት ልንስቅበት አይገባም።

ሳሙኤል ጆንሰን በ1735 የሎቦን የኢትዮጵያ ጉዞ ተርጉሞ አሳተመ፤ በ1755 ታላቁን የእንግሊዝኛ መዝገበ ቃላት አወጣ፤ በ1759 ደግሞ የኢትዮጵያን ልዑል ታሪክ «ራሴላስን» ጻፈ። ይህ ሊቅ ከሰኮናው በላይ ያለውን የፈረስ እግር ክፍል በመዝገበ ቃላቱ «ጉልበት» ብሎ ፈታው። አንዲት ወይዘሮ ምክንያቱን ብትጠይቀው፥ ባለማወቄ ነው ብሎ ሳያፍር መለሰላት። መዝገበ ቃላት የሠራ ሊቅ እንዲህ ካለ፥ ሕፃን ስለ ምን ያፍራል?

ስለዚህ ወላጆች ሆይ፥ ልጃችሁ ቃል ቢሳሳት አትሳቁበት፤ ፍቺውንና ንባቡን ከመዝገበ ቃላት አብራችሁ ፈልጉ፤ የቃሉንም ታሪክ ንገሩት፤ ታሪኩን ያወቀው ቃል አይጠፋውም።

አውቶቡሱ ደርሶ ተሳፋሪው በተሰለፈ ጊዜ ልጅቱ የአባቷን እጅ ይዛ፥ «አባባ፥ ክዩው ረዘመ» ስትል ሰማናት። ያ የሳቀባት ጐልማሳም ዞር ብሎ ተራውን ለቀቀላት።