የአንዲት ፊደል ልዩነት

እሑድ ከቀትር በኋላ ከቤይሩት መሐል ወጣ ብላ በምትገኘው ዶራና በአጎራባቿ ቡርጅ ሐሙድ አማርኛ ከዓረብኛው ጋር ተቀላቅሎ ይሰማል። የዕረፍት ቀን ያገኙ ኢትዮጵያውያት የቤት ሠራተኞች ወደ አገር ቤት ገንዘብ ይልካሉ፤ ይጠያየቃሉ። ከቦርሳዋ ወረቀት አውጥታ እንግሊዝኛ ወደምታነብ እኅት የምትጠጋም አትጠፋም። ወረቀቱ የመድኃኒት ማዘዣ፣ የሥራ ውል ትርጉም ወይም የገንዘብ መላኪያ ቅጽ ሊሆን ይችላል። ብዙውን ጊዜ የሚያሳስተው ፈጽሞ የማይታወቀው ቃል አይደለም፤ እርሱስ ያስጠይቃል። የሚያሳስተው የምናውቀውን ቃል መስሎ የሚቀርበው ሌላ ቃል ነው።

በመድረሳ ቁርኣን የቀራ ሰው ይህን ለመረዳት አይቸገርም። ኡስታዞች «ቃፍ» እና «ካፍ» ከየመኽረጃቸው እንዲወጡ ደጋግመው የሚያርሙት በከንቱ አይደለም፤ በዓረብኛ «ቀልብ» ልብ ሲሆን «ከልብ» ውሻ ነው። ለአማርኛ ተናጋሪ ነገሩ ይብሳል። እኛ «ከልብ እናመሰግናለን» ብለን በፍቅር ስንናገር የዓረብ ጆሮ የሚለየው ቃል ሌላ ነው። የቤይሩት ሰው ደግሞ ቃፏን ውጦ «አልቢ» ይላል፤ ልቤ ማለቱ ነው። «ከፊል»ም እንዲሁ ነው። በአማርኛ የአንድ ነገር ክፋይ ሲሆን በሊባኖስ ግን የሠራተኛዋ የመኖሪያ ፈቃድ በስሙ የታሰረበት አሠሪ ነው።

ያ በሐርፍ የሠለጠነ ጆሮና ዓይን ወደ እንግሊዝኛው ወረቀት ሲዞር ቀድሞ ሊያርፍባቸው የሚገቡ ሁለት ቃላት አሉ፤ «ኢምፕሎየር» እና «ኢምፕሎዪ»። የመጀመሪያው አሠሪ፣ ሁለተኛው ተቀጣሪ ነው። በጽሑፍ የሚለያዩት በመጨረሻዋ ፊደል ብቻ ነው፤ አሠሪው በ«አር» ያበቃል፣ ተቀጣሪዋ በድርብ «ኢ»። «አር» አድራጊን፣ ከፈረንሳይኛ የመጣው ድርቡ «ኢ» ደግሞ በአብዛኛው የሚደረግለትን ወይም የሚደረግበትን ያመለክታል። «ፔየር» ከፋይ፣ «ፔዪ» ተከፋይ የሆኑት በዚሁ ሕግ ነው። («ኮፊ»ም በድርብ «ኢ» ያበቃል፤ ቡናን ግን ከዚህ ክርክር እንተዋት።) የእኛው አማርኛ በዚህ ረገድ የባሰ ነው ማለት ይቻላል። «ይበላል» ብለን ስንጽፍ በዪውንም የሚበላውንም በአንድ ዓይነት ፊደል አስፍረን፣ «በ» ይጠብቅ ወይም ይላላ እንደሆነ ለአንባቢው ትተንለታል። እንግሊዝኛው ቢያንስ ምልክት ሰጥቷል።

ይህች ፊደል በሊባኖስ ከሰዋስው ያለፈ ክብደት አላት። እ.ኤ.አ. በ1946 የወጣው የአገሪቱ የሥራ ሕግ በ7ኛው አንቀጹ የቤት ሠራተኞችን ከሽፋኑ ውጭ አድርጓቸዋል። ስለዚህ ሠራተኛዋ የምትመካበት ዋነኛ ወረቀት እ.ኤ.አ. በ2009 የወጣው ወጥ የሥራ ውል ነው፤ በ2020 የተሻሻለ ውል ቢቀርብም የአገሪቱ የሹራ ምክር ቤት አግዶታል። ውሉ የተጻፈው በዓረብኛ ነው፤ ሠራተኛዋ ይዘቱን የምትረዳው በትርጉም ነው። ማን ይከፍላል፣ ማን ይፈርማል፣ ሳምንታዊው የ24 ሰዓት ዕረፍት የማን መብት ነው የሚለው ሁሉ በእንግሊዝኛው ትርጉም የሚለየው በዚያች በቃሉ ጫፍ ላይ ባለች ፊደል ነው። ችኩል ዓይን የቃሉን ራስ አይቶ ጅራቱን ይዘልላል።

«ሊቭ» የሚለውም ቃል ዋዛ አይደለም። «እኖራለሁ» የሚለው አጠር ብሎ፣ «እለቃለሁ» የሚለው ረዘም ብሎ ይነገራል፤ በእኛ ፊደል ግን ሁለቱም «ሊቭ» ተብለው ስለሚጻፉ ልዩነታቸው ይጠፋል። እዚህ ቤት እኖራለሁ ለማለት የፈለገች ሴት እለቃለሁ ያለች መስላ ብትሰማ የሚከተለውን መገመት አያዳግትም። በወረቀት ላይ «ኤል»ን «አይ» ከተከተላት መኖር ነው፤ «ኢ» እና «ኤ» ከተከተሏት መልቀቅ፣ አለዚያም የዓመት ዕረፍት ነው።

ከወጥ ቤት የማይርቅ ሌላ ጥንድም አለ። «ሪሲት» ደረሰኝ ነው፤ «ሬሲፒ» የምግብ አሠራር። ከአንድ የላቲን ግንድ የወጡ ናቸው፤ በድሮ ሐኪሞች ማዘዣ ራስጌ «ሬሲፒ» ማለት «ውሰድ» ማለት ነበር። በደረሰኙ ውስጥ «ፒ» ትጻፋለች እንጂ አትነበብም። ደመወዝ ተከፍሏል የሚል ወረቀት ላይ የምትፈርም ሠራተኛ ከፊርማዋ በፊት ልታገኘው የሚገባው ቃል ይህ ነው።

በዕድሜ የገፉ ሰዎችን ለሚያስታምሙ እኅቶች ግን ከሁሉም የሚያሰጋው የመድኃኒት ስም ነው። «ሃይድራላዚን» የደም ግፊት መድኃኒት ነው፤ «ሃይድሮክሲዚን» ደግሞ ለአለርጂና ለማሳከክ የሚሰጥ፣ እንቅልፍም የሚያመጣ ነው። በእንግሊዝኛ አጀማመራቸውም አጨራረሳቸውም አንድ ነው፤ የሚለያቸው መሐሉ ብቻ ነው። ባለሙያዎችም ስለሚሳሳቱባቸው የአሜሪካ የምግብና የመድኃኒት አስተዳደር እ.ኤ.አ. ከ2001 ጀምሮ የእንዲህ ያሉ ስሞች መለያ ክፍል በትልልቅ ፊደላት እንዲጻፍ ማበረታታት ጀምሯል። ሐኪምና ፋርማሲስት ካመነቱ፣ አስታማሚዋ ማሸጊያውን ወደ ፋርማሲው ይዛ ተመልሳ «ይህ ያኛው ነውን?» ብላ ብትጠይቅ ነውር የለውም።

ልዩነት ሳይኖር ልዩነት ያለ የሚመስልበትም ጊዜ አለ። በጽዳት ዕቃና በሚረጩ ቆርቆሮዎች ላይ «ፍላመብል» እና «ኢንፍላመብል» የሚሉ ቃላት ይታያሉ። በእንግሊዝኛ «ኢን» ብዙ ጊዜ አፍራሽ ስለሆነ ሁለተኛው «የማይቀጣጠል» ይመስላል። አይደለም፤ ሁለቱም በቀላሉ ይቀጣጠላል ማለት ናቸው። ቆርቆሮው ላይ የትኛውም ቢጻፍ ከጋዝ ምድጃው ይራቅ።