ጋኑ ከዳስ፣ ሠሪዋ ከደጅ

ቡሬና ፍኖተ ሰላም ሰርግ እቀርጻለሁ። በቀረጽኩት ሰርግ ሁሉ ጠላ የተጠመቀበት ጋን ከዳሱ ጥግ ተደርድሮ ይታያል። ጋኑን የሠራችው ሴት ግን በአንዱም ማዕድ ቀርባ አትታይም። በእኛ አገር ሸክላ ሠሪና ቀጥቃጭ ቡዳ ነው ይባላል፤ ዓይኑ ይፈራል። ጋብቻ ሲታሰብ አጥንት ይቆጠራል፤ ከዘሩ አንድ ጠይብ ከተገኘ ወሬው እዚያው ይቀራል።

አፄ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ባለሙያን በሥራው መስደብን በአዋጅ ከልክለው ነበር። የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የታወጀው የመሬት አዋጅም ለሸክላ ሠሪው መሬት የማግኘት በር ከፍቷል። ማዕዱና ጋብቻው ግን ከአዋጅ ውጪ ቀሩ። ዘጋቢ ፊልም የሚያስፈልገው እዚህ ላይ ነው እላለሁ።

መንገዱን ያሳዩኝ ጎንደር የተወለዱት የፊልም ባለሙያ ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ ናቸው። አሜሪካ ተምረው በሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ለረጅም ዓመታት አስተምረዋል። ከዘጋቢ ፊልሞቻቸው አንዱ ስለ «ዊልሚንግተን አሥሩ» ነው። እ.ኤ.አ. በ1971 በሰሜን ካሮላይና አንድ ሱቅ በመቃጠሉ ዘጠኝ ጥቁር ወንዶችና አንዲት ነጭ ሴት ተከሰው በድምሩ 282 ዓመት እስራት ተፈረደባቸው። ፍርዱ እ.ኤ.አ. በ1980 ተሻረ። ኃይሌ ፊልሙን የሠሩት ገና ጉዳዩ እልባት ሳያገኝ ነው። «ሳንኮፋ» የተባለውን የባርነት ፊልማቸውን አከፋፋዮች አንወስድም ሲሏቸው ደግሞ ራሳቸው አዳራሽ እየተከራዩ አሳዩ። እዚያ ቆዳ ይታያል፣ እዚህ አጥንት ይቆጠራል፤ በደሉ አንድ ነው።

እኔም ከቡሬ ወጣ ብላ የምትኖር አንዲት ሸክላ ሠሪ መቅረጽ ጀመርኩ። ሥራው የበጋ ነው፤ ክረምት ሸክላ አይደርቅም። ጭቃውን ከተፈጨ ገል ጋር ታሻለች፣ ምጣዱን በእጇ ታለሰልሳለች፣ በኩበትና በእንጨት ትተኩሳለች። መሬት ተቀምጣ ስለምትሠራ ካሜራዬን መሬት አወረድኩ። ከላይ ወደ ታች የተቀረጸ ሰው ያንሳል፤ እሷ ደግሞ ሲያሳንሷት ኖራለች። ድምፅ መቅጃውን ከነጠላዋ ላይ አስሬ ዝም አልኩ።

«ማታ ዓይኗ ይበላል ይሉኛል፤ ሲነጋ ምጣድ ግዢ ይመጣሉ» አለችኝ።

«እትዬ፣ ይህን ሰው ሁሉ ቢሰማው ይሻልሻል?»

«እኔስ አርጅቻለሁ። ልጄን አስብልኝ።»

ልጅቱ ፍኖተ ሰላም ቤት ተከራይታ አሥራ ሁለተኛ ክፍል ትማራለች። የክፍል ጓደኞቿ የማን ልጅ እንደሆነች አያውቁም። እንዲህ ያለ ፊልም እውነት የተናገረውን ሰው ከጎረቤቱ ጋር ትቶት ይሄዳል፤ ቀራጩ ካሜራውን ሰብስቦ ከተማ ሲገባ ባለታሪኩ ነገም ከዚያው ወንዝ ይቀዳል። ስለዚህ ቆርጬ ያቀናበርኩትን ሁሉ ለማንም ሳላሳይ ላፕቶፔን ይዤ እነሱ ቤት ሄድኩ። እናት የቀበሌውም የልጇም ስም እንዳይነሳ ለመነችኝ። ልጅቱ ደግሞ ፊቷም ስሟም ይውጣ አለች። «ሰርጌ ላይ እናቴ ከፊት ትቀመጣለች፤ ያን የማይወድ ከአሁኑ ይወቀኝ» ብላ።

ፈተናዋን እስክትጨርስ ፊልሙ አይወጣም አልኩ። እናት መረቀችኝ። ልጅቱ እስካሁን አልተስማማችም።