ሁለት ስም የነበራት የሲኒማ ኮከብ

አንባቢ ሆይ፥ ስም ምን ያህል ሊከብድ እንደሚችል ለማወቅ ቢሹ የጃፓናዊቱን ተዋናይ የዮሺኮ ያማጉቺን ታሪክ ይመልከቱ። (ዓመታቱ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

ዮሺኮ በ1920 ዓ.ም. በሰሜን ምሥራቅ ቻይና፥ በማንቹሪያ፥ ከጃፓናውያን ወላጆች ተወለደች። አባቷ በዚያ ለሚሠሩት የጃፓን የምድር ባቡር ሠራተኞች ቻይንኛ ያስተምር ስለ ነበረ፥ ልጅቱ ሁለቱንም ቋንቋ እንደ አፍ መፍቻዋ አድርጋ አደገች። የአባቷ ወዳጅ የነበረ አንድ ቻይናዊ ጄኔራልም እንደ ልጁ ቈጥሮ ሊ ሺያንግላን ብሎ ስም አወጣላት። ሳንባዋን በታመመች ጊዜ ደግሞ አንዲት ሩሲያዊት ጓደኛዋ ከኦፔራ መምህርት ጋር አገናኘቻት፤ ድምፅዋም በዚያ ተገራ።

በ1938 ዓ.ም. ጃፓኖች በወረራ በያዙት በማንቹሪያ ያቋቋሙት የፊልም ማኅበር ይህችን ልጅ አገኘ። ቻይንኛው የጠራ፥ ድምፅዋ ያማረ ነበር። ስለዚህ ጃፓናዊትነቷ ተደብቆ፥ በዚያው በቻይና ስሟ ለሕዝብ ቀረበች። በ1940 ዓ.ም. በወጣው «የቻይና ሌሊቶች» በተባለው ፊልም ውስጥ አንዲት ቻይናዊት ልጅ ሆና፥ ጃፓናዊ መርከበኛ በጥፊ ሲመታት ትወደዋለች። ጃፓኖች በዚህ ተደሰቱ፤ የቻይና ሕዝብ ግን ጥፊው በገዛ ጉንጩ ያረፈ ያህል ተሰማው።

ጃፓን በ1945 ዓ.ም. ድል ስትሆን ዮሺኮ ሻንግሃይ ነበረች። «አገሯን ለጠላት የሸጠች ቻይናዊት» ተብላ ተያዘች፤ ቅጣቱም ሞት ነው። ዝና ያመጣላት ስም አሁን ገመድ ሆኖ ባንገቷ ገባ። ቻይናዊት ከሆነች ከሃዲ ናት፤ ጃፓናዊት ከሆነች ግን የባዕድ አገር ሰው እንጂ ከሃዲ ልትባል አትችልም። ይህን የሚያስረዳው የቤተ ሰቧ መዝገብ ግልባጭ ደግሞ በፔኪንግ በወላጆቿ እጅ ነበረ። ያች የልጅነት ጓደኛዋ ሩሲያዊት ደረሰችላት፤ ወረቀቱም በጃፓን አሻንጉሊት ውስጥ ተሸሽጎ ሻንግሃይ ገባ። በ1946 ዓ.ም. ፍርድ ቤቱ በነጻ ለቀቃት። ዮሺኮ ካዋሺማ የተባለች፥ በጃፓን ያደገች የማንቹ ልዕልት ግን እንዲህ ያለ ወረቀት ስላልነበራት በ1948 ዓ.ም. በፔኪንግ በሞት ተቀጣች።

ያማጉቺ ወደ ጃፓን ተመልሳ በ1950 ዓ.ም. በአኪራ ኩሮሳዋ «ቅሌት» ከቶሺሮ ሚፉኔ ጋር ተጫወተች። በሆሊውድም ሸርሊ ያማጉቺ ተብላ በ1952 እና በ1955 ዓ.ም. በወጡ ፊልሞች ታየች። በ1958 ዓ.ም. ዲፕሎማት አግብታ ሲኒማውን ተወች። ከ1974 ዓ.ም. ጀምሮም 18 ዓመት በጃፓን የሕግ መወሰኛ ምክር ቤት ተቀመጠች።

ገና በ18 ዓመቷ በሌሎች ፈቃድ የገባችበት ነገር ነው ብላ ዝም ማለት ትችል ነበር። እርስዋ ግን በ1987 ዓ.ም. የሕይወት ታሪኳን አሳትማ ሁሉንም ገልጣ ተናገረች፤ በእርጅናዋም የጃፓን ጦር በግፍ ላዋረዳቸው ሴቶች ካሣ ለማስገኘት ደከመች። በ2014 ዓ.ም. በ94 ዓመቷ አረፈች።