ለአየር መርከብ የተሠራው ደሴት

ከበርሊን ወደ ደቡብ 60 ኪሎ ሜትር ገደማ ሲኬድ፣ በብራንደንቡርግ ግዛት ክራውስኒክ ከምትባል መንደር አጠገብ፣ ጥድ በከበበው ሜዳ ላይ አንድ ግዙፍ ጉልላት ይታያል። በጥር ወር ደጁ በረዶ ለብሶ ውስጡ 26 ዲግሪ ሴልሺየስ ይሞቃል። ጎብኚዎች ካፖርታቸውን አውልቀው በባዶ እግራቸው አሸዋ ላይ ይራመዳሉ፤ በዘንባባ ጥላ ሥር ይተኛሉ፤ ልጆች ከማማ ላይ በውኃ እየተንሸራተቱ ይወርዳሉ። የመዝናኛው ስም «ትሮፒካል አይላንድስ» ነው። ሕንፃውን ያቆሙት ሰዎች ግን ስለ ዋናም ስለ ዘንባባም አስበው አያውቁም ነበር።

ቦታው በናዚ ዘመን የተሠራ የጦር አውሮፕላን ማረፊያ ነው። እ.ኤ.አ. በ1945 የሶቪየት ጦር ያዘው፤ እስከ 1992ም አልለቀቀውም። ከዚያ ካርጎሊፍተር የተባለ በ1996 የተቋቋመ የጀርመን ኩባንያ መጣ። ሐሳቡ ደፋር ነበር፦ 160 ቶን የሚመዝን ዕቃ አንጠልጥሎ መንገድም ወደብም ወደሌለበት ስፍራ የሚያደርስ የአየር መርከብ መሥራት።

የአየር መርከብ ለምን እንደዚያ እንደሚገዝፍ ለመረዳት አጭር ስሌት ይበቃል። በባሕር ጠለል ላይ አንድ ሜትር ኩብ አየር 1.2 ኪሎ ግራም ያህል ይመዝናል። ያንኑ ቦታ የሚሞላው ሂሊየም ግን 200 ግራም እንኳ አይደርስም። የማንሳት ኃይል ማለት ይህ ልዩነት ነው፤ ለእያንዳንዱ ሜትር ኩብ አንድ ኪሎ ግራም ገደማ። እንግዲህ ለጭነቱ ብቻ 160,000 ሜትር ኩብ ሂሊየም ሊያስፈልግ ነው። የመርከቡ አካል፣ ሞተሩና ነዳጁ ሲታከልበት ንድፉ ወደ 550,000 ሜትር ኩብ አደገ፤ ርዝመቱም 260 ሜትር ሆነ። ይህን የሚያህል ቀላል ነገር ነፋስ በሚመታው ሜዳ ላይ መገጣጠም ስለማይቻል፣ ከመርከቡ በፊት ቤቱ መሠራት ነበረበት።

ቤቱ በ2000 ተጠናቀቀ። ርዝመቱ 360 ሜትር፣ ስፋቱ 210 ሜትር፣ ከፍታው 107 ሜትር ነው፤ በመካከሉ አንድም ምሰሶ የለም። በአምስት የብረት ቅስቶች መካከል ሸራ መሰል ሽፋን ተወጥሮ ነው ጣሪያ የሆነው። የኒው ዮርኩ የነፃነት ሐውልት ከነመቆሚያው 93 ሜትር ስለሆነ፣ እዚህ ውስጥ ሳይጎነበስ ይቆማል። የሚይዘው አየር 5.5 ሚሊዮን ሜትር ኩብ ነው። መርከቡ ግን አንድ ቀን እንኳ አልገባበትም። ካርጎሊፍተር በ2002 ከሰረ፤ በሕልሙ አምነው አክሲዮን የገዙ በብዙ ሺህ የሚቆጠሩ ሰዎች ገንዘባቸው ቀለጠ። ግንባታው 78 ሚሊዮን ዩሮ ያህል የፈጀውን አዳራሽ በ2003 ታንጆንግ የተባለ የማሌዥያ ኩባንያ በ17.5 ሚሊዮን ዩሮ ገዛው። በዲሴምበር 2004 የመጀመሪያዎቹ ዋናተኞች ገቡ። በ2018 መጨረሻ አንድ የስፔን የመዝናኛ ኩባንያ 226 ሚሊዮን ዩሮ አውጥቶ ተረከበው።

ጎብኚው ለፎቶ የሚሽቀዳደመው ከፏፏቴውና ከሐይቁ ፊት ነው። እኔ ግን የዚህ ቦታ ትልቁ ትርኢት የማይታየው አየሩ ነው እላለሁ። በአዳራሹ ውስጥ ያለው አየር ብቻውን ከ6,000 ቶን በላይ ይመዝናል። እርጥበቱ በግማሽ ገደማ ቢጠበቅ፣ ከ60 ቶን የሚበልጥ ውኃ በተን ሆኖ በሰዎች ራስ ላይ ይንሳፈፋል ማለት ነው። እንዲህ ያለው አየር ከ15 ዲግሪ በታች የቀዘቀዘ ነገር ሲነካ እርጥበቱን ጤዛ አድርጎ ይጥላል፤ ከእሳት የወረደ ድስት ክዳን እንደሚንጠባጠበው። ከጣሪያው በላይ በረዶ በሚጥልበት አገር ይህ ቀላል ችግር አይደለም። መፍትሔው ድርብርብ ሽፋን ነው፤ በሽፋኖቹ መካከል የታሰረው አየር ብርዱን ከውስጠኛው ገጽ ያርቀዋል። የአዳራሹ ግዝፈትም ራሱ ያግዛል። ሕንፃ በሁሉም በኩል እጥፍ ሲሆን ግድግዳና ጣሪያው አራት እጥፍ፣ የሚይዘው አየር ግን ስምንት እጥፍ ያድጋል። ስለዚህ ከትንሽ ቤት ይልቅ እያንዳንዱ ሜትር ኩብ ሙቀቱን የሚያጣው በዝግታ ነው። ይህ ሁሉ ተደርጎም በክረምት የማሞቂያው ወጪ ከባድ ነው፤ በቀዝቃዛ አገር የሞቃት አገር አየር ማቆየት በነፃ አይገኝም።

ከሙቀቱ ይልቅ ያስቸገረው ብርሃን ነው። አዲስ አበባን እንውሰድ፦ ከምድር ወገብ 9 ዲግሪ ብቻ ርቃ ሳለች ከፍታዋ ስለሚያቀዘቅዛት ማታ ጋቢ ታስደርባለች፤ ቀኗ ግን ዓመቱን ሙሉ ከ12 ሰዓት ብዙም አይርቅም። በክራውስኒክ ሰማይ ሥር ግን የዲሴምበር ቀን 8 ሰዓት አይሞላም፤ ፀሐይዋም ከአድማስ ብዙ ከፍ አትልም። ከሞቃት አገር የመጣ ተክል ሙቀት ስላገኘ ብቻ አይኖርም፤ ምግቡን የሚሠራው በብርሃን ነው። የመጀመሪያው ጣሪያ ለመርከብ እንጂ ለቅጠል አልታሰበምና በ2005 በደቡብ በኩል ያለው ሽፋን 20,000 ካሬ ሜትር ያህሉ ተነሥቶ ኢቲኤፍኢ በሚባል ብርሃን አስተላላፊ ፕላስቲክ ተተካ። ይህ ፕላስቲክ ከመስታወት እጅግ የቀለለ ነው። ተራ መስታወት የሚያግደውን የአልትራቫዮሌት ጨረር ክፍልም ያሳልፋል፤ ስለዚህ ከሥሩ የተኛ ሰው ቆዳው በፀሐይ ሊጠቁር ይችላል። ዛሬ በጫካው 50,000 ያህል ተክል፣ 600 የሚሆን ዝርያ ይቆጠራል። እንደ እኔ ከሆነ ልጆችን ይዞ የሄደ ወላጅ ከውኃው በፊት ይህን ጫካና በላዩ ያለውን ጣሪያ ቢያሳያቸው ጥሩ ነው።

ውኃው በሁለት ትላልቅ ገንዳዎች ተከፍሏል። «ደቡብ ባሕር» የሚሉት 4,400 ካሬ ሜትር ስፋትና 28 ዲግሪ ሙቀት አለው፤ የባሊው ሐይቅ አነስ ብሎ እስከ 32 ዲግሪ ይሞቃል። በአቅራቢያው የሳሞአ፣ የታይላንድና የቦርኔዮ ቤቶች የቆሙበት መንደር አለ። ገንዳ ሙቀቱን ዋነኛ የሚያጣው በትነት ነው። አንድ ሊትር ውኃ ሲተን የሚወስደው ሙቀት፣ ያንኑ ሊትር ከ20 ዲግሪ ተነሥቶ ለማፍላት ከሚያስፈልገው ሰባት እጥፍ ይሆናል። አየሩ እርጥብ ሆኖ መቆየቱ ትነቱን ስለሚያዘገየው ገንዳውን ይጠቅማል፤ ከውኃ የወጣውን ሰው ቆዳም ከብርድ ያድነዋል። ከልክ ካለፈ ደግሞ ጤዛና ዝገት ያመጣል። በሁለቱ መካከል ልኩን ጠብቆ የማቆየቱ ሥራ ሌሊትም ቀንም አያቋርጥም።

መንሸራተቻው የሚነሣው ከ27 ሜትር ማማ ላይ ነው። ከዚያ ከፍታ አንዳች ሰበቃ ሳይዘው የሚወርድ ሰው ታች ሲደርስ በሰዓት 83 ኪሎ ሜትር ይፈጥናል፤ በዚህ ስሌት ውስጥ ክብደት ቦታ የለውም። በተግባር ግን በጣም ፈጣኑ መስመር የሚያደርሰው 70 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። በጀርባና በመንሸራተቻው መካከል የሚፈሰው ስስ ውኃ ሰበቃውን ቢቀንሰውም ጨርሶ አያጠፋውም፤ አየሩም ከፊት ይገፋል። እዚህ ላይ ክብደት ይመለሳል። አየሩ የሚገፋው በሰውነት ስፋት ልክ ነው፤ ከባድ ሰው ደግሞ ክብደቱ ከስፋቱ ይልቅ ስለሚያመዝን ግፊቱ ብዙ አያዘገየውም። አባትና ትንሽ ልጁ በአንድ መስመር ቢወዳደሩ ብዙውን ጊዜ አባት የሚቀድመው በዚህ ምክንያት ነው።